ትርፍ የሰው ኃይል

ጽጌ ለወንድሟ የደወለችው ለሥራ ጉዳይ አልነበረም። ጥር ሃያ አንድ፣ የአስተርእዮ ማርያም ዕለት ነው፤ እንኳን አደረሰህ ብላ፣ የልጆቹን ደኅንነት ጠይቃ፣ ወደ ሰንጠረዧ ልትመለስ ነበር። ደብረ ታቦር ገበያ አጠገብ፣ ከቆርቆሮና ሚስማር መሸጫው በላይ ባለው ፎቅ፣ ቢሮዋ ውስጥ ብቻዋን ተቀምጣለች። ከተማው ነጩን ለብሶ ወደ ቤተ ክርስቲያን ሲተም እሷ ካፖርቷን ደርባ ኮምፒውተሩ ላይ አፍጥጣለች። የጥናት ቡድን በዓል አያውቅም፤ የሚያውቀው ቀነ ገደብ ብቻ ነው።

ደሞዜ ስልኩን ሲያነሳ እያለከለከ ነበር። ከበስተኋላው ላም ታቃስታለች፣ ሚስቱ ውዴ ትጮኻለች።

«ምን እየሠራህ ነው?» አለችው።

«ኧረ ምንም፣ እታለም! ዛሬ እኮ ማርያም ናት። ውዴ፣ አጥብቀሽ ያዣት እንዳትተኛብን!»

«ምንም ሳትሠራ ነው እንዲህ የምታለከልከው?»

«ላሚቱን ምጥ ይዟት እኮ ነው። ከንጋት ጀምሮ እዚሁ ነኝ። ጥጃው በኋላ እግሩ መጥቶብን በገመድ እየሳብነው ነው። ሥራስ ምን ሥራ አለ፣ በዓል ሽሬ ልሠራልሽ?»

ጽጌ ሳቀች። እጁ እስከ ክርኑ ደም ነክቶት፣ ወገቡ ተቆርጦ፣ ምንም አልሠራሁም የሚል ወንድም ያላት እሷ ብቻ መሰላት። ወዲያው ግን ሳቋን አቋረጠች። በቀስታ ደኅና ዋል ብላው ስልኩን ዘጋችና ፊት ለፊቷ የተዘረጋውን ሰንጠረዥ አየችው። የደሞዜ ቀበሌ፣ ጋፋት፣ ከሁሉ በላይ ተቀምጧል፤ «ምንም አልሠራሁም» ያለው ከመቶ ስልሳ።

እዚህ ላይ ስለ ጽጌ ሥራ ጥቂት ካላልን፣ ላም ስትወልድ ሰምታ የደነገጠች ከተሜ ትመስላለች። ጽጌ የኢኮኖሚ ባለሙያ ናት፤ ለአንድ የመንግሥት ቢሮ የሰው ኃይል እቅድ የሚያጠና ቡድን ውስጥ አሃዝ የምትተነትን። ቢሮው ማወቅ የፈለገው አንድ ነገር ነው፤ ከየቀበሌው ምን ያህል ጎልማሳ ከእርሻው ቢነሳ ምርቱ አይጎዳም? የሚነሳው ደግሞ ለወታደርነት ነው። ይህን በየገበሬው ደጃፍ ቆሞ መጠየቅ ስለማይቻል ሌላ ጥያቄ ተጠየቀ፤ «ባለፉት ሰባት ቀናት ውስጥ ቢያንስ ለአንድ ሰዓት ሥራ ሠርተዋል?» አልሠራሁም ያለው ሁሉ ተደመረና «ትርፍ የሰው ኃይል» ተባለ። ጽጌ ስሙን ስትሰማ የሚታያት ረዳቱ ትራፊክ ሲያይ «ትርፍ፣ ዝቅ በል!» እያለ ሚኒባሱ ወለል ላይ የሚያስቀምጠው ተሳፋሪ ነው። ስሙን ያወጣችው ግን እሷ አይደለችም፤ ደመወዟን የሚከፍላት ስሙን ያወጣው ነው።

ጠያቂዎቹ ታብሌታቸውን ይዘው ወደ ስድስት ቀበሌዎች የወጡት ጥምቀት ባለፈ ማግሥት ነበር። በዓሉ አልፎ ገበሬው ሳይበተን ከቤቱ እናገኘዋለን ተባለ፤ ጥሩ ሐሳብ ነው ካሉት አንዷ ጽጌ ናት። ያለፉት ሰባት ቀናት ማለት እንግዲህ ከሥላሴ ጀምሮ ከተራ፣ ጥምቀት፣ ቃና ዘገሊላ ማለት ነው። ገበሬው ይህን ሳምንት በሙሉ ጠቅልሎ «ጥምቀት» ነው የሚለው። በመሐሉ ያሉትን የሥራ ቀኖች ማን ይቆጥርለታል? ከብት ማጠጣት፣ ማለብ፣ ውድማ መጠበቅ፣ የታመመ በሬ ማስታመም በገበሬው አፍ ሥራ አይባልም። ሥራ ማለት ማረስ ነው፣ ማጨድ ነው፣ መውቃት ነው፤ እነሱን በበዓል የነካ ደግሞ በዓል ሻሪ ነው። ለንስሐ አባቱ የሚጨነቅበትን ነገር ለማያውቀው ጠያቂ «አዎ፣ ሠርቻለሁ» ብሎ ይናገር? ስለዚህ ሁሉም ምንም አልሠራንም አሉ። ጋፋት ተወልዳ ያደገችው ጽጌ ይህን ማወቅ ነበረባት፤ አላወቀችም። ቁጥር ፊት ሲቀመጥ ሰው የተወለደበትን አገር ይረሳል።

መልሶቹን በተጠየቁበት ቀን ደረደረቻቸው። ሁለት ጊዜ ተሳስታ እንደገና ጀመረች። አምስቱ ቀበሌዎች በበዓሉ ማግሥት ተጠይቀዋል፤ ሁሉም ሃምሳና ስልሳ ላይ ናቸው። ስድስተኛው፣ የሐሙሲቱ፣ መንገድ ተዘግቶ ጠያቂዎቹ ዘግይተው የደረሱበት ነው፤ በተጠየቁት ሰባት ቀናት ውስጥ ጥምቀት አልነበረም። እሱ ላይ ሥራ ፈቱ ከመቶ አሥራ ሦስት ብቻ ሆኗል። ሪፖርቱ ላይ ምክንያቱን የጻፈችው ራሷ ጽጌ ነበረች፤ ሐሙሲት ለአስፋልትና ለገበያ ቅርብ ስለሆነ የአርሶ አደሩ የሥራ ባህል ዳብሯል ብላ። አሁን ስታነበው ፊቷ ጋለ።

ሪፖርቱ ደግሞ ጠዋት ተልኳል። ዓርብ እኩለ ቀን ላይ ከየቀበሌው የሚነሳው ሰው ቁጥር ይጸድቃል። ዛሬ ረቡዕ ነው።

የቡድኑ መሪ ዶክተር አንዱአምላክ ከሰዓት በኋላ ሲገቡ ከወንበሯ ተነስታ በር ላይ ጠበቀቻቸው። ዶክተሩ ከአዲስ አበባ የመጡ፣ ጨዋ፣ የደብረ ታቦር ብርድ ያልተስማማቸው ሰው ናቸው፤ ቢሮ ውስጥም ፎጣቸውን ከአንገታቸው አያወርዱም። ነገሩን እስከ ጫፉ ሰሟት።

«ገበሬው ሠርተሃል ወይ ተብሎ ሲጠየቅ አልሠራሁም ካለ፣ እኔ ሠርተሃል ልበለው?» አሉ።

«ዶክተር፣ በበዓል ሳምንት ሠራሁ ማለት እኮ በዓል ሻርኩ ማለት ነው። ማን ይለዋል?»

«ይህን ከእኛ ማን ነበር ማወቅ የነበረበት?»

«እኔ» አለች ጽጌ።

ዶክተሩ አልተቆጡም፤ ቢቆጡ በቀለላት። መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ። «መስሎኛል ብለሽ የተላከ ሰንጠረዥ አታስቀይሪም። ማስረጃ ይፈልጋሉ። አንድ ቀበሌ ነገ ደግመሽ ጠይቂና ውጤቱን አምጪ፤ እኔ እደውላለሁ። ስድስቱን ለመድገም ጊዜ የለም፤ ቅርቡን ያዢ።»

ቅርቡ ጋፋት ነው። ጽጌ ይህን ከዶክተሩ ቀድማ አውቃዋለች፤ አፏን ግን አልከፈተችም። ወንድሜ እዚያ ነው ብትል ሌላ ሰው ይላካል። ደስ አላት፣ በደስታዋም አፈረች። ሌሊቱን ሁለቱ ስሜቶች ሲፈራረቁባት እንቅልፍ በዓይኗ ሳይዞር ነጋ።

ሐሙስ ጠዋት ባጃጁ መንገዱ እስከሚያልቅበት አደረሳትና የቀረውን በእግሯ ያዘችው። ጭዱ ተከምሯል፣ ገብሱ ገብቷል፣ ሜዳው ደርቆ ብስል ቅጠል መስሏል። አዲሱን ጥያቄ በመንገድ ላይ ስታሰላስል መጣች። «ሥራ» የሚለውን ቃል ከነጭራሹ አወጣችው። በጥምቀት ሳምንት ከብት ያጠጣው ማነው? ያለበውስ? ውድማውን ማን ጠበቀ? በዓሉ ባይሆን ኖሮ ያን ሳምንት ምን ይጠብቅዎት ነበር?

መጀመሪያ ያገኘችው አያ ሙላቴን ነው፤ ከአባቷ ጋር በአንድ ማኅበር ይጠጡ የነበሩ ሽማግሌ። ከነልጆቻቸው ደጃፍ ላይ ቁጭ ብለው ጅራፍ ይገምዳሉ።

«የሲሳይ ልጅ አይደለሽም? ያንን ጥያቄ እኮ ባለፈው ጨርሰናል። ምንም አልሠራንም ብለናቸዋል።»

«አያ ሙላቴ፣ ያን ሳምንት ከብቶቹ ውኃ አልጠጡም?»

«ምነው? በጥም ይሙቱ እንዴ!»

«ውድማውስ ላይ ማን አደረ?»

«እኔና ልጆቹ በተራ ነዋ። ጤፉ ሜዳ ላይ ፈሶ ሳለ ማን ቤቱ ይተኛል?»

«እንግዲያው ሠርታችኋል።»

ሽማግሌው ጅራፉን አስቀመጡ። «አንቺ ልጅ፣ እኛን በዓል ሻሪ ልታሰኚን ነው የመጣሽው?»

ልጆቻቸው ሳቁ። ጽጌም ብትስቅ በወደደች። እንደዚያ ሳይሆን ሌላ መዝገብ ነው፣ ከቤተ ክርስቲያን ጋር አይገናኝም ብላ አስረዳቻቸው። ሽማግሌው አንገታቸውን ነቀነቁና የማይቀረውን ጠየቁ።

«ለመሆኑ ለምን ይሆናችኋል?»

«ለእቅድ ነው።»

«ለማዳበሪያ ነው?»

ጽጌ ምስጢር ልትጠብቅ ፈርማለች። ከመፈረሟ በላይ ደግሞ ፈርታለች፤ የጥናቱ ዓላማ ዛሬ ከአፏ ቢወጣ ነገ ቀበሌው ባዶ ይሆናል፣ ያኔ የሚፈለጉት የሸሹት ብቻ ሳይሆኑ እሷም ነች። ታብሌቷ ላይ አቀረቀረች። ሽማግሌው ዝምታዋን እሺታ አድርገው ወሰዱት።

«በይ ጻፊ። እኔም ሥራ አለኝ፣ ልጆቼም አላቸው። ማዳበሪያውን ግን ዘንድሮ እንዳያዘገዩብን ንገሪልን፣ የኔ ልጅ።»

እነግራለሁ አለች። ዋሽታ ወደ ቀጣዩ ቤት አለፈች።

ከሰዓት በኋላ ደሞዜ ቤት ደረሰች። ሁለቱ ልጆቹ በጭድ ክምሩ ላይ ይንሸራተታሉ፤ ውዴ ሦስተኛውን አርግዛ ገፍታለች። ደሞዜ እህቱን እስከ አጥሩ ድረስ ወጥቶ ተቀበላትና የመጣችበትን ሲሰማ ወደ ጆሮዋ ጠጋ አለ።

«እኔን ግን እታለም፣ ሥራ የለውም ብለሽ ጻፊኝ።»

«ምን?»

«ሥራ ለሌለው የመስኖ ሞተር በብድር ይሰጣል እየተባለ ነው። ባለፈውም ምንም አልሠራሁም ያልኩት ለበዓሉ ብቻ አይደለም፣ እሱንም አስቤ ነው። አንቺ ካለሽበትማ...»

«አይሆንም!»

ጩኸቷ ውዴን ከቤት አስወጣት። ልጆቹ መንሸራተታቸውን አቆሙ። ደሞዜ እህቱን እንደማያውቃት ሰው አያት፤ ከልጅነታቸው ጀምሮ ጮኻበት አታውቅም።

«ምነው? ምን አጠፋሁ?»

«ምንም። ሥራ አለህ ብዬ ነው የምጽፍህ። ማንም መጥቶ ቢጠይቅህ ሥራ አለኝ፣ ጊዜ የለኝም፣ እኔ ከሌለሁ እርሻው ጦም ያድራል በል። ገባህ?»

«ሞተሩስ?»

«ደሞዜ፣ በእናታችን አጥንት ይዤሃለሁ።»

እሺ አላት። ለምን እንደሆነ አልገባውም፣ ቅር እንዳለው ግን ፊቱ ይናገራል። ጽጌ እህል ሳትቀምስ ወጣች፤ ውዴ ይህን እንደ ንቀት እንደምትቆጥረው ብታውቅም ከዚያ በላይ መቀመጥ አልቻለችም።

ዓርብ ማለዳ ስሌቱ አለቀ። ጋፋት ከመቶ ስልሳ የነበረው ወደ ዘጠኝ ወረደ፤ ዘጠኙም ሽማግሌዎችና ሕመምተኞች ናቸው። ዶክተር አንዱአምላክ ወረቀቱን አገላብጠው አዩ፣ አሞገሷት፣ ከዚያም ባሕር ዳር ወዳለው ቢሮ ደወሉ። ጽጌ መስኮቱ አጠገብ ቆማ ጥፍሯን ትነክሳለች። ይከራከራሉ፣ ማነው ያዘዛችሁ ይላሉ፣ ስብሰባውን ያራዝማሉ ብላ ስትጠብቅ የስልኩ ወግ ከአምስት ደቂቃ አላለፈም።

«ተቀብለዋል» አሉ ዶክተሩ። «የጋፋትን ቁጥር ይቀይራሉ።»

ወንበር ስባ ተቀመጠችና «ተመስገን» አለች፤ ድምፅ አውጥታ፣ ሰው ፊት። ደሞዜን ከነልጆቹ አየችው፣ አያ ሙላቴን ከነጅራፋቸው አየቻቸው። ከሁለት ቀን ወዲህ መጀመሪያ የገባላት እህል ያን ጊዜ ከታች ያስመጣችው ፓስቲ ነው።

ሳትጨርሰው አዲሱ ድልድል በቴሌግራም መጣ። ጋፋት ወርዷል፤ ከሞላ ጎደል ጠፍቷል ማለት ይቻላል። አራቱ ቀበሌዎች ጨምረዋል። የሐሙሲቱም ትንሽ ጨምሯል። ከግርጌ ያለው ጠቅላላ ድምር ረቡዕ እንደነበረው ነው፤ አንዲት ነፍስ አልጎደለችም።

«ዶክተር፣ ድምሩ አልቀነሰም።»

«ድምሩ ከላይ የወረደ ነው፣ ጽጌ። እኛ የምንላቸው ከየት እንደሚሞላ ነው እንጂ ምን ያህል እንደሚሞላ አይደለም። አላወቅሽም ነበር?»

አውቃለሁ ልትል ነበር። ግን ስታስበው፣ አላወቀችም፤ ወይም ማወቅ አልፈለገችም። ከጋፋት የተነሳው ቁጥር የሆነ ቦታ የሚቀልጥ መስሏት ነበር። አልቀለጠም፤ ወደ ጎረቤት ዞረ። ከጉና ተራራ ሥር ያለችው ቀበሌ ከሁሉ የበለጠ ተጭኖባታል። ጠያቂዎቹን ለመቆጣጠር እዚያ በሄደች ጊዜ ፈንታሁን የሚባል ሰው ጭድ ተሸክሞ ከላብ ጋር ሲታገል አግኝተውት ነበር። «ኧረ ምንም አንሠራ፣ ጥምቀት አይደል!» ብሎ ስቆ መለሰላቸውና የተሸከመውን ሳያወርድ አለፈ። እሷም አጠገቡ ቆማ ጠያቂዋ «አልሠራም» የሚለውን ስትነካ አየች። አሁን የደሞዜ ቦታ ለፈንታሁን ተሰጥቷል።

«የሌሎቹም እኮ ያው ስሕተት ነው» አለች።

«ያው ነው። እኔም እያሰብኩት ነበር።» ዶክተሩ ፎጣቸውን አጠበቁ። «ደግመን ለመጠየቅ ጊዜ ባይኖርም፣ ከጋፋት ያገኘሽውን ማስተካከያ በዚያው ሳምንት በተጠየቁት በአራቱም ላይ ማድረግ ይቻላል። በሙያችን የሚያስነቅፍ አይደለም፤ እንዲያውም ትክክሉ እሱ ነው። የሦስት ሰዓት ጊዜ አለን።»

«እናድርገዋ!»

«ስሌቱን መጀመሪያ ሥሪው።»

ሠራችው። አራቱም እንደ ጋፋት ከመቶ ስምንትና ዘጠኝ ላይ ወረዱ፤ በአገሩ ትርፍ የሚባል ሰው የለም ማለት ነው። ከዚያ ድምሩን በየድርሻቸው አካፈለችው። አምስቱም እኩል ስለወረዱ ሸክሙ እንደገና እኩል ተከፈለባቸው። የጋፋት ድርሻ ረቡዕ ወደ ነበረበት ሊመለስ ጥቂት ቀረው።

ሁለት ጊዜ ደጋግማ አሰላችው። ሦስተኛውን ስትጀምር ዶክተሩ እጃቸውን ጠረጴዛዋ ላይ አሳረፉ።

«ወንድምሽ ጋፋት ነው አይደል? ትናንት ከሄድሽ በኋላ ሰው ነገረኝ።» ድምፃቸው የተግሣጽ አልነበረም። «የተቀበሉት ድልድል እንዳለ ይቅር ካልሽ እኔ አልቃወምሽም። ዝም ማለት ብቻ ነው። ማንም አይጠይቅሽም።»

ጽጌ ከኮምፒውተሩ ላይ እጇን አነሳች። ከታች ቆርቆሮ ይጫናል፤ ተሸካሚዎቹ እየተጯጯኹ ነው። ዝም ማለት ብቻ። እስከ እኩለ ቀን ዝም ብትል ደሞዜ ቤቱ ነው፣ ውዴ በሰላም ትገላገላለች፣ ልጆቹ ጭድ ላይ ይንሸራተታሉ። የፈንታሁን ልጆች ስንት እንደሆኑ አታውቅም፤ ባለማወቋ ልትጽናና ሞከረች፣ አልሆነላትም። የሚስቱን ስም አለማወቋ ራሱ አሳፈራት። እንባዋ መጣ፤ ዶክተሩ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዞሩላት።

«በሁሉም ላይ ይደረግ» አለች በመጨረሻ። «አንድ ነገር ግን ይጻፍልኝ። ትርፍ ሰው አላገኘንም ተብሎ ይጻፍ።»

«የግርጌ ማስታወሻ አድርጌ አስገባዋለሁ።»

«ያነቡታል?»

ዶክተሩ ፋይሉን አያያዙና ላኩት።

ጽጌ ስልኳን ይዛ ወደ ደረጃው ወጣች። ምስጢር ለመጠበቅ የፈረመችው ወረቀት ትዝ አላት፤ ይሁን አለች። ደሞዜ ወዲያው አነሳው፤ የትናንቱ ቅሬታ ከድምፁ ገና አልወጣም። ነገረችው። ጥያቄው ለምን እንደነበር፣ ለሞተር እንዳልሆነ፣ ለማዳበሪያም እንዳልሆነ፣ ከየቀበሌው ሰው እንደሚነሳና ከጋፋትም እንደሚነሳ ሁሉንም ነገረችው።

«ሥራ አለው ብለሽ አልጻፍሽኝም እንዴ?» አለ ስትጨርስ።

«ጽፌሃለሁ።»

«ታዲያ?»

«ሁሉም ሥራ አለው፣ ደሞዜ። የጋፋቱም፣ የጉናውም፣ የሐሙሲቱም። ቆጠርነው፤ ሥራ የሌለው ሰው አላገኘንም።»

ወንድሟ፣ የምር ሊያውቅ እንደፈለገ ሰው፣ በቀስታ ጠየቃት።

«እንግዲያውስ ማንን ነው የሚወስዱት?»